ከጾሙ በፊት መሞት ያለበት ልጅ

«ልጁ ከጾሙ በፊት መሞት አለበት።»

ዓባይነሽ ይህን የሰማችው ከጭቃው ግድግዳ ወዲያ ነው። ተናጋሪው የሟች ባሏ ታላቅ ወንድም እጅጉ ነበር። ድምፁን ዝቅ እንኳ አላደረገም፤ ለሠርግ ሰንጋ የሚማከር እንጂ ስለ ወንድሙ ልጅ የሚናገር አይመስልም። እሷ ከጓሮ ባለችው ክፍሏ ጆንያ አንጥፋ የነጋዴ በርበሬ ትቀነጥሳለች። የሰማችውን ሰምታ እጇ አልቆመም። አንዱን ዛላ አነሣች፣ ዘንጉን ነቀለች፣ ጣለች፤ ሌላውን አነሣች። የበርበሬ ሥራ ይህን ያስተምራል፤ ምን ቢሰሙ፣ ምን ቢመጣ፣ እጅን ወደ ዓይን መስደድ የለም። ጀማሪዎቹ ሴቶች ይረሱና ዓይናቸውን ያብሳሉ፤ ከዚያ ጥላ ሥር ቁጭ ብለው እስኪመሽ ያነባሉ። ዓባይነሽ ግን በዚህ ሥራ ስትኖር አንድ ቀን ተሳስታ አታውቅም።

ይሙት የተባለው አንድያ ልጇ ደረሰ ነው። ባለፈው ክረምት ለሰሊጥ አረማ ወደ መተማ ወረደ፤ ከዚያ ወዲህ ድምፁ የለም። መስከረም ላይ አንድ የማንኩሳ ሰው ከቆላ ሲመለስ፣ ቅንድቡ ላይ ጠባሳ ያለበት ልጅ ወባ ጥሎት መንገድ ዳር ሲቀበር አየሁ ብሎ አወራ። ስሙን አያውቅም። መቃብሩን አሳይ ቢባል ቦታው ጠፍቶበታል። ከተማው ግን ወሬውን ተቀብሎ በልጁ ላይ አፈር መለሰበት። ወሬ ከሬሳ ይቀላል፤ ለመሸከም አራት ሰው አይፈልግም። እጅጉ እንኳ እስከ ኅዳር ድረስ «እግዜር ያውቃል» እያለ ቆይቶ ነበር። ነገሩ የከፋው የእጅጉ ሴት ልጅ የፀደንያ ሠርግ ሲቆረጥ ነው። የሙሽራው ወገኖች ከደምበጫ ሽማግሌ ልከው፣ ያልተለቀሰ ሬሳ ካለበት ቤት እልል ብለን ሙሽራ አንወስድም አሉ። የኛ ሰው ነውር የሚለው እንግዲህ ይህን ነው። ልጅን በሐሜት መግደል ነውር አይደለም፤ ሳያለቅሱለት ከበሮ መምታት ነው ነውሩ። እጅጉም ቀኑን አሰላ። ዛሬ ከተለቀሰ አርባው ይወጣል፣ ሠርጉም ዐቢይ ጾም ሳይገባ ይደርሳል።

የቀረው አንድ ነገር ስም ነበር። ቄስ ያለ ክርስትና ስም አይፈታም። ደረሰ ክርስትና የተነሣው ከጅጋ ወዲያ ባለች የገጠር ደብር ነው፤ የክርስትና አባቱ ሞተዋል፣ የነፍስ አባታቸውም አርፈዋል፣ ወላጅ አባቱም አፈር ከለበሰ ቆይቷል። ስሙን የምታውቅ እናቱ ብቻ ናት። የክርስትና ስም ደግሞ የጉልት ሽንኩርት አይደለም፤ ምቀኛ ሰምቶ እንዳያስደግምበት ለጎረቤት አይነገርም። ቄሱ ሲያቆርብ ይጠራዋል፣ ሲፈታ ይጠራዋል፣ በቃ። እጅጉ ቢለምናትም ቢቆጣትም ዓባይነሽ ያንን ስም ከአፏ አላወጣችም። ስሙን ለፍትሐት ሰጠች ማለት ጉድጓዱን በእጇ ቆፈረች ማለት ነበር።

ከግድግዳው ወዲያ ያለው ክፍል ድሮ የእሷ ሳሎን ነበር። ባሏ በሞተ ማግስት እጅጉ «የወንድሜ ቤት በሩ አይዘጋም» ብሎ ሁለት ቴሌቪዥንና ሁለት ፕሌስቴሽን አስገባበት፤ እሷን ከነአልጋዋ ወደ ጓሮ አወጣት። ስለ ኪራይ ያነሣ የለም። የቀበሌው ሰውም፣ የሰፈሩ ሽማግሌም፣ ዘመድም አይቶ እንዳላየ አለፈ፤ የመበለት ነገር ሲሆን አገሩ ሁሉ ዓይኑን ያመዋል። ደረሰ ያደገው በዚያው ክፍል፣ በጎረምሳ ጩኸትና በአሥር ብር ጨዋታ መካከል ነው። ሊሄድ ሰሞን አንድ ከሰዓት ተቀምጦ ከኳሱ ጌም ውስጥ የራሱን ተጫዋች ሠራ። አገጩን እያሾለ፣ መልኩን እያጠየመ፣ ጆሮውን እያስተካከለ ሠራው፤ በልጅነቱ የበር መቀርቀሪያ ቅንድቡን የሰነጠቀበትን ጠባሳ እንኳ አልተወም። ጨርሶ ሴቭ አደረገና እናቱን ጠራት። «እማ፣ እኔ በሌለሁበት ከእሱ ጋር ተጣይ» አላት። እሷም እየሳቀች «እሱስ ይታዘዘኝ ይሆናል» ብላው ወጣች።

ፎቶ የላትም። የነበራት አንድ ጉርድ ፎቶ ነው፤ እሱንም እጅጉ «ላፈላልግበት» ብሎ ወስዶ የት እንዳደረሰው አይታወቅም። ስለዚህ እሑድ እሑድ ከቅዳሴ መልስ፣ ደንበኛ ሳይገባ፣ ቤቱን የምትጠብቀው ፀደንያ በሩን ገርበብ አድርጋ የደረሰን ጌም ትከፍትላታለች። ልጁ ይመጣል። አይሮጥም፣ አይጫወትም፤ ብቻ ይቆማል። ክብደቱን ከአንዱ እግር ወደ ሌላው ያዛውራል፣ አንገቱን ያሻል፣ ደረቱ ከፍ ዝቅ ይላል። ዓባይነሽ መጀመሪያ ያየችው ያንን ነው። «ይተነፍሳል» አለች። ፀደንያ ያኔ «እዚህ ውስጥ ያለው ሁሉ እንዲያ ነው» አላለቻትም። ያቺ አንዲት ደግነቷ ናት፤ ትያዝላት።

ቀኑ የገበያ ቀን ነበር። ዓባይነሽ የቀነጠሰችውን ጆንያ አስራ ልታደርስ ስትወጣ ከግቢው በር ሥር የእድሩ ድንኳን ተጠቅልሎ፣ ቋሚዎቹ ተቆልለው አየች። ማንም ምንም አላላትም። ቀኑንም በከንቱ አልመረጡትም፤ የጅጋና የማንኩሳ ዘመድ እህሉን ሊሸጥ ከተማ ገብቷል፤ ለልቅሶ ሌላ ቀን ከሚጠራ በአንድ መንገድ ሁለት ጉዳይ ይፈጽማል። መርዶ ወጉ ጎህ ሳይቀድ ነው፤ ሽማግሌው ደጅ ቆሞ፣ ጎረቤቱ ተሰብስቦ፣ ሐዘንተኛው ከመኝታው ሳይነሣ ነው የሚነገረው። ለእሷ ያም አልተረፈላትም። ድንኳኑ ቀደመ፣ መርዶው ይደርሳል ተባለ። በመንገድ ያገኟት ሴቶች «እንደምን አደርሽ» ብለው ዓይናቸውን መሬት ይሰዳሉ። የበርበሬ ነጋዴዋ አስካለ ማርያም ጆንያውን ከሚዛን ላይ እያወረደች «ዛሬስ ሥራው ይቅርብሽ እቴ፣ ሰውነትሽን አሳርፊ» አለቻት፤ ይህን ብላ ሌላ ጆንያ አሸከመቻት።

ሁለተኛውን ጆንያ አጋምሳ ሳለ፣ እኩለ ቀን ላይ፣ እጅጉ አባ ተስፋውን ይዞ ገባ። ቄሱ በርጩማው ላይ ተቀመጡ፤ በርበሬው አስነጠሳቸው፤ ይማርዎ ያላቸው የለም። እጅጉ መቃኑን ተደግፎ ቆመ። አባ ተስፋው ክፉ ሰው አይደሉም፤ ግን የሠርጉ ድግስ ላይ ከፊት የሚቀመጡ ሰው ናቸው፤ ከፊት የሚቀመጥ ሰው ደግሞ ባለድግሱን ማስቀየም አይችልም። ስለ ነፍስ መንከራተት ተናገሩ፣ እናት በፍቅሯ ልጇን በገነት ደጅ ላይ እንዳታሳድረው መከሩ፣ ጥቅስም ጠቀሱ። ዓባይነሽ እጇን ጭኗ ላይ ዘርግታ አዳመጠቻቸው።

«አባቴ፣ ልጁ በሕይወት ቢኖርና ቢፈታበትስ?»

ቄሱ መስቀላቸውን ከአንዱ እጅ ወደ ሌላው አዛወሩ። «እሱማ… ደግ አይደለም» አሉ።

«እንግዲያው ስሙ አይገኝም።»

እጅጉ ሳቀ። ይቆጣል ብላ ጠብቃ ነበርና ሳቁ አስፈራት። «እንዳሻሽ» አላት። «እንግዲያው እኔም ማሽኔን ከዜሮ ላስጀምረው። ሞልቶ አልንቀሳቀስ ብሎኛል፤ ሠርጉ ሳይደርስ ላጸዳው ነው። የሄደም የቀረም ሰው ሴቭ የማከማችበት ጎተራ የለኝም።»

ይህን ብሎ ወጣ። ዓባይነሽ ነጠላዋን እንኳ ሳታስተካክል ተከተለችው፤ ቄሱም ከኋላ። የፊቱ ክፍል በጎረምሳ ተሞልቷል፤ ላብ ላብ፣ ሲጋራ ሲጋራ ይሸታል፤ አንዱ ባላጋራውን «ዳኛህን ገዝተህ ነው የመጣኸው» እያለ ያበሽቀዋል። እሷን ሲያዩ አንዱ ጆይስቲኩን አነሣላት።

«እናት፣ ዛሬ ማንን ሊገጥሙ ነው?»

«ተዋት» አለው ሌላው፣ «በበርበሬ ትጠብስሃለች።»

ሳቁ። እጅጉ እጁን አጨበጨበና ውጡ፣ ቤቱ ዝግ ነው፣ ልቅሶ አለብን አላቸው። ሳቁ ተቆረጠ። ባርኔጣ የነበረው ባርኔጣውን አወለቀ። አንዱ ብቻ ያልጨረስኩት ጨዋታ አለኝ፣ ከፍያለሁ ብሎ ተሟገተ፤ ነገ በነጻ ትጫወታለህ ተብሎ ወጣ። ክፍሉ ውስጥ ዓባይነሽ፣ እጅጉ፣ አባ ተስፋውና ከማሽኑ ፊት የተቀመጠችው ፀደንያ ቀሩ። ቴሌቪዥኑ ላይ የቆመው ጨዋታ ተመልካቹን እያስጮኸ ቀጠለ፤ ፀደንያ ድምፁን ቀነሰችው።

ከዚያ፣ ቀና ሳትል፣ በፍላሽ ይወጣል አለች። መጀመሪያ ሴቩ ወደ ፍላሽ ይገለበጣል፣ ከዚያ ማሽኑ ይጸዳል፣ ከዚያ ከፍላሹ ይመለሳል። ብዙ ሰው የሚሳሳተው ሳይገለብጥ ስለሚያጸዳው ነው፤ ወይም ሲገለብጥ ምልክቱ መዞሩን ሳያቆም ስለሚነቅለው። ይህን ሁሉ የተናገረችው የትምህርት ቤት ጥያቄ እንደምትመልስ ልጅ ነበር፤ በአንድ ትንፋሽ፣ ማንንም ሳታይ።

«ሰማሽ?» አላት እጅጉ። «ስሙን ለአባ ንገሪ፤ ፀዲ ፊቱን ታወጣልሻለች። ስም ለእግዜር፣ መልክ ላንቺ። ከዚህ የበለጠ ፍርድ ከየት ይመጣል?»

ዓባይነሽ ወደ ቄሱ አየች፤ ቄሱ ወደ መስኮቱ ያያሉ። እንዲህ አሰበች፤ ልጁ በሕይወት ካለ የቄስ ስሕተት አይገድለውም፤ እግዜር እንደ ደምበጫ ሰዎች በወሬ አይሠራም። ፊቱ ከጠፋ ግን የምትገድለው እሷ ናት። ሰሞኑን ሰኞ ማክሰኞ ሲሆን ጠባሳው በቀኝ ነበር በግራ እያለች መጠራጠር ጀምራለች፤ እሑድ ደርሳ ስታየው ነው የሚረጋላት። ሁለት እሑድ ቢያልፋት ምን ይቀራታል? የምትፈራው ሞቱን አልነበረም፤ መርሳቷን ነበር። ወደ አባ ተስፋው ሄደች፣ ነጠላዋን በአፏ ላይ ጋረደች፣ በጆሯቸው ነገረቻቸው። ቄሱ ከንፈራቸውን አንቀሳቀሱና ስሙን ያዙት። እጅጉ «ማን አለች? ማን አለች?» እያለ እስከ ደጅ ተከተላቸው። ከዚያ ከውጭ መዶሻ ተሰማ፤ የድንኳኑን ካስማ መምታት ጀመሩ።

ፀደንያ ፍላሹን ሰካች። የሠርግ መጥሪያዋ ዲዛይን ያለበት ፍላሽ ነው፤ ሌላ አልነበራትም። ምልክቱ መዞር ጀመረ። ዓባይነሽ ከአምፖሉ ወደ ቴሌቪዥኑ፣ ከቴሌቪዥኑ ወደ አምፖሉ ታያለች፤ በዚህ ከተማ መብራት ለማን ብሎ ይቆያል? ግን ቆየ። ምልክቱ ቆመ፣ ፀደንያ «ገባ» አለች፣ ፍላሹን ነቅላ በመዳፏ ልታስቀምጥላት ስትል ዓባይነሽ እጇን ሸሸገች። በርበሬ ነው፣ እንዳያበላሸው ብላ የነጠላዋን ጫፍ ዘረጋች፤ በጨርቅ ተቀበለችው።

እጅጉ ተመልሶ ገብቶ አጽጂው አለ። ዓባይነሽ ከመጥፋቱ በፊት አንዴ ልየው ብላ ለመነችው። ፍላሹ ላይ አለልሽ አይደል፣ ዘመድ ደጅ ቆሟል፣ አሁን የቴሌቪዥን ሰዓት ነው ወይ አላት። ፀደንያ ቁልፎቹን ነካች። ማሽኑ ሁሉም ነገር እንደሚጠፋ ነገራትና እርግጠኛ ነሽ ወይ ሲል ጠየቃት፤ እሺ ስትለው እንደገና ጠየቃት። ብረት ሁለት ጊዜ የጠየቀውን ሥጋ ዘመድ አንዴም አልጠየቀ። ቴሌቪዥኑ ጠቆረ። እጅጉ ፊቱን ለልቅሶ ማዘጋጀት ጀመረ፤ ነጠላውን አዘቅዝቆ ለበሰና ወጣ።

ማሽኑ እንደገና ሲነሣ እንደ አዲስ ዕቃ ነበር። ቋንቋ ጠየቀ፣ ቀን ጠየቀ፣ ስም ጠየቀ። ፀደንያ የእጮኛዋን የሀይሉን ስም ጻፈች። ከዚያ ዓባይነሽ ከጨርቁ የፈታችውን ፍላሽ ተቀብላ ሰካች፤ ፈለገች፣ አገኘች፣ ሴቩን መልስ አለችው። ነጭ ጽሑፍ መጣ። ፀደንያ አጠፋችውና እንደገና ሞከረች፤ ያው ጽሑፍ መጣ።

«ምን አለ?»

ፀደንያ ጽሑፉን በከንፈሯ ብቻ አነበበችው።

«አንብቢልኝ እንጂ፣ ልጄ።»

«የሌላ ሰው ነው ይላል፣ እትዬ።»

«የማን?»

«የደረሰ። እሱ በከፈተው መግቢያ ነበር ሴቭ ያደረገው፤ ማሽኑ ሲጸዳ መግቢያው አብሮ ጠፋ። ፍላሹ ውስጥስ አለ፣ ምንም አልሆነም። ግን ለኔ አይከፍትም።»

ዓባይነሽ ወደ ነጩ ጽሑፍ ቀረበች፤ ፊደሉን አታውቀውም፤ ቢሆንም ከጫፍ እስከ ጫፍ በዓይኗ ሄደችበት። «ባለቤቱ ካልመጣ አይከፈትም ነው የሚለው?»

«አዎ።»

«ሞቷል አይልም?»

«አይልም።»

ባለቤቱ ራሱ ቢመጣ እንኳ፣ መግቢያው ጠፍቷልና፣ እንደማይከፍትለት ፀደንያ አልነገረቻትም። ይቺኛይቱንም ደግነት ብሎ የሚይዝላት ካለ ይያዝላት።

«አንቺ እንዲህ እንደሚሆን ታውቂ ነበር?» አለቻት ዓባይነሽ።

ፀደንያ የጆይስቲኩን ገመድ በጣቷ ላይ ጠቀለለችው፤ ጨርሳ ፈታችው፤ እንደገና ጠቀለለችው። ከውጭ ዘመድ ሲሰባሰብ፣ አግዳሚ ሲጎተት፣ አንድ ሰው ስለ ጤፍ ዋጋ ሲጠይቅ ይሰማል።

«ለአባዬ ነግሬው ነበር» አለች።

ያን ጊዜ የቤተ ክርስቲያኑ ድምፅ ማጉያ ተከፈተ። መጀመሪያ አንዴ ጮኸ፣ ከዚያ የአባ ተስፋው ድምፅ በገበያው፣ በመናኸሪያው፣ በአህያና በጆንያ ላይ ተነጠፈ። በግእዙ መካከል «ገብረ ኢየሱስ» ሲሉ ዓባይነሽ ሰማች። እንደገና አሉት። ከክርስትናው ቀን ጀምሮ ከጎረቤት፣ ከዘመድ፣ ከምቀኛ የደበቀችውን ስም በርበሬ የሚመዝነውም፣ ሚኒባስ የሚጠራውም፣ ቅድም የሳቀባት ጎረምሳም ሰማው። ፍላሹን ከማሽኑ ላይ ራሷ ነቀለችው፤ በነጠላዋ ጫፍ አድርጋ ነቅላ፣ ቋጥራ፣ በግራ እጇ ያዘችው።

ድንኳኑ ሥር ሲያስገቧት ሴቶቹ ተነሥተው ቦታ ለቀቁላት። ከወንዶቹ በኩል፣ ከፊት፣ ነጫጭ ጋቢ የለበሱ ሁለት ሽማግሌዎች ተቀምጠዋል፤ የደምበጫ ሰዎች ናቸው፤ ልቅሶው እውነተኛ መሆኑን በዓይናቸው ሊያዩ መጥተዋል። ልቅሶ ያለ እናት ድምፅ አይጀመርም። አልቃሿ አፏን ከፍታ ጠበቀች። ሴቶቹ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው ጠበቁ። ዓባይነሽ ተቀምጣ ከፊት ለፊቷ ያለውን የድንኳን ቋሚ ታያለች፤ ፊቷ እንደ ደረቀ ጭቃ ነው። አንዷ «ደርቃ ቀረች» አለች፤ ሌላዋ «ሳታምን ነው» ብላ አንሾካሾከች። ከሽማግሌዎቹ አንዱ ወደ ጓደኛው ዘንበል ብሎ አንድ ነገር ተናገረ።

እጅጉ ይህን አየ። እንደሚያጽናናት ሆኖ መጣና አጎነበሰባት፤ እጁን ትከሻዋ ላይ ጣለ።

«አልቅሺ እንጂ» አላት በጥርሱ መካከል። «ሰው እያየን ነው።»

ቀና ብላ አየችው። ከዚያ ቀኝ እጇን ከነጠላዋ አወጣች። ከጥዋት ጀምሮ አንድ ጆንያ ተኩል በርበሬ የዋለበት እጅ ነው፤ ጣቶቹ እስከ ጥፍራቸው ሥር ቀልተዋል። በእርጋታ፣ ፊቷን እንደምትታጠብ ሴት፣ አንዱን ዓይኗን ጠረገች፤ ሌላውንም ጠረገች፤ መዳፏን አሻሽታ ደገመችው። እንባዋ በአንዴ ወረደ፤ በጉንጯ፣ በአገጯ፣ በአንገቷ ላይ ወረደ፤ ዓይኗ ተጨፍኖ አልከፈት አላት። «አወይ እናት!» ብላ አልቃሿ ጀመረች፤ ሴቶቹ ተቀበሏት፤ ደረት ተመታ፤ የደምበጫ ሽማግሌዎች ራሳቸውን ነቀነቁ፤ እጅጉ ረጅም ትንፋሽ ተነፈሰ።

ግራ እጇ ግን ከነጠላዋ ሥር አልወጣም፤ በርበሬ እንዳይነካው ፍላሹን በጨርቅ እንደጠቀለለ ይዞት ነበር።